ታንጉ የዘለለበት ክረምት

ሰኔ 19፣ 2017 ዓ.ም.፤ ገንዳ ውሃ

መጋዘኑ ባዶ ነው። ያለፈው ዓመት ሰሊጥ ወጥቶ አልቋል፤ የዘንድሮው በዚህ ሳምንት ገና መሬት ነካ። በመካከል ያለው ጊዜ ለነጋዴ እንደ ወባ ነው፤ ተኝቶ ቆርቆሮው ላይ የሚወርደውን ዝናብ ማዳመጥ ብቻ።

ከሰዓት በኋላ ሷሊህ መጣ። በደህናው ጊዜ ከገላባት ማዶ ሆኖ ሰሊጤን የሚገዛኝ እሱ ነበር፤ ጦርነቱ ሲነሣ ቤተሰቡን ይዞ ከካርቱም ወጣ፤ አሁን ያለውን ዕቃ እየሸጠ ይኖራል። ዛሬ ያመጣው አሮጌ ፕሌይስቴሽን ነው፤ ሁለት ጆይስቲክ፣ አንድ ዲስክ። ዲስኩ ላይ አንድ ጎልማሳ የልጅ በሚያህል ብስክሌት ተቀምጦ አየር ላይ ተገልብጧል።

«ምን ያደርጋል ይህ ሰው?» አልኩት።

«ይዘላል።»

«ከዚያስ?»

«ይወድቃል። ከዚያ ተነሥቶ ደግሞ ይዘላል።»

«ምን ያተርፋል?»

ሷሊህ ሳቀ። «ያ ዞል፣ አንተ ሰው፣ እውነቱን ልንገርህ። ይህ ዕቃ ወንድሞቼን በሙሉ ሥራ አስፈትቷል። ቤትህ ባይገባ ደስ ይለኛል። ግን መሸጥ አለብኝ።»

ብዙ ሻጭ አውቃለሁ። ዕቃውን እየነቀፈ ዋጋ የሚያስወድድ ግን የመጀመሪያዬ ነው። ዘዴው ስለገባኝ ብዙም አልተከራከርኩም። ገዛሁት።

ሰኔ 23

ሐሳቤን ልጻፈው፤ ሲጻፍ ስሕተቱ ይታያል።

ባለቤቴ ትርንጎ ሽንፋ ናት፣ ማሳው ላይ። ማሳው የእሷ ነው፤ ከአባቷ የወረሰችው። እሷ ታበቅላለች፣ እኔ እሸጣለሁ። ያለፉት ሁለት ዓመታት ጥሩ አልነበሩም። አንዱን ትል በላው፤ አንዱን ዝናብ ከለከለው። ስለዚህ ተስማምተናል፤ ዘንድሮም ካልተሳካ ማሳውን ጎረቤቷ ጋሽ ፈረደ ይውሰዱት። ሲጠይቁን ቆይተዋል። ትርንጎ የተስማማችው ግድግዳ እያየች ነው።

እንግዲህ ሰሊጥ አንድ ክፉ ጸባይ አለው። ቡቃያው ጣት ሳያክል በፊት ካልታረመ አረሙ ይውጠዋል። ሁሉም ገበሬ ሰው የሚፈልገው በአንድ ሳምንት ነው፤ ያኔ ለአረም ከደጋ የሚወርዱት የቀን ሠራተኞች፣ እኛ ሳሉግ የምንላቸው፣ አይጨበጡም። ዛሬ ግን ያው መናኸሪያው ጥግ ሸራ ተከናንበው ዝናብ ይወርድባቸዋል።

በሰሊጥ የማደርገውን በሰው ለምን አላደርግም? በሞላ ጊዜ አስገብቶ፣ በጠፋ ጊዜ ማውጣት። መጋዘን አለኝ። ቴሌቪዥን አለኝ። ብስክሌተኛም አለኝ።

ጽፌ አየሁት። ስሕተት የለበትም።

ሰኔ 26

ተከፈተ። ባዶ ጆንያ አነጠፍኩላቸው። የመጀመሪያዎቹ ከጎጃም የመጡት የደረበ ሰዎች ናቸው። ደረበ ካቧቸው፣ የሥራ አለቃቸው ነው፤ ቀጭን፣ ረጅም፣ ለመስማማት ሰዓት የሚፈጅ ሰው። እሱ ያለበት ቡድን እንደሚያርም ገበሬው ሁሉ ያውቃል።

ብስክሌተኛውን ታንጉ አሉት። በአገራቸው ከዋርካ ወድቆ፣ አቧራውን አራግፎ፣ ተመልሶ የወጣ ታንጉ የሚባል ሰው ነበረ አሉ። ይኸኛውም እንዲያ ነው። ከግንብ ላይ ይወረወራል፤ በአንገቱ ይተከላል፤ አጥንቱ ሲሰበር ይሰማል፤ ከዚያ አንዲት ቁልፍ ሲጫኑለት ብድግ። ዕድሜዬን በሙሉ ነግጃለሁ። እንዲህ ወድቆ እንዲህ የተነሣ ሰው አላየሁም።

ከተማው ውስጥ ከታንጉ በቀር ሰው የለም። ፎቅ፣ ደረጃ፣ አስፋልት፣ ጭር ያለ።

አንዱ «የዚህ አገር ሰው የት ሄደ?» አለ።

ደረበ ዓይኑን ሳይነቅል «አረም ሄዷል» አለው።

ሐምሌ 2

ጠዋት ከመክፈቴ በፊት ዕቃውን ፈተሽኩ። የአንዱ ጆይስቲክ ቁልፍ እየደረቀች ነው የሚል ወሬ ሰምቼ። ደህና ናት። እርግጠኛ ለመሆን ደጋግሜ ሞከርኩ።

ምሳ አለፈኝ።

ሐምሌ 7፣ ሥላሴ

ሙሉ ቤት። መቆሚያ የለም። መጋዘኑ እንዲህ ሞልቶ ያየሁት ሰሊጥ በተወደደበት ዓመት ነው።

ሐምሌ 8

ትርንጎ ደወለች። ኔትወርክ የምታገኘው ኩይሳ ላይ ወጥታ ስለሆነ ስታወራ ትቸኩላለች።

«ቡቃያው ወጥቷል። ሰው ላክ።»

«ሰው አለ። መጋዘን ውስጥ ነው።»

«እንደ ጆንያ?»

«እንደ ጆንያ።»

ንፋሱን ለማሸነፍ ድምፅዋን ከፍ አደረገች። «ጆንያ የጣልክበት ይቆይሃል። ሰው የራሱ እግር አለው፣ ሙሉአለም።»

ይህ ነው እኮ ሥራው፤ አይሄዱም። ልነግራት ስል ተቋረጠ።

ሐምሌ 11

ጋሽ ፈረደ መጡ። በዚህ ዝናብ፣ በዚያ ዕድሜያቸው፣ ከሽንፋ ድረስ። ዱላቸውን ተደግፈው ቆመው ታንጉ ሲገለበጥ አዩ፤ እንደ ልጅ ሳቁ። ከዚያ ተራ ለያዙት ሁሉ ከፈሉላቸው።

«ይጫወቱ እንጂ፣ ደጋ ለደጋ ሲንከራተቱ ከርመው» አሉኝ። «አረሙ የትም አይሄድም።»

ለጋስ ሰው ናቸው። ትርንጎ ለምን ፊቷን እንደምታዞርባቸው አይገባኝም።

ሐምሌ 12፣ ሚካኤል

ዛሬ ይሂዱ ብዬ ነበር። ደረበ በቁጣ አየኝ። «ጋሼ፣ በሚካኤል አረም እንንቀል ይላሉ?»

በሚካኤል አረም መንቀል ኃጢአት ነው ያሉኝ ሰዎች ቀኑን ሙሉ ታንጉን በአናቱ ሲተክሉት ዋሉ።

ሐምሌ 14

ጨዋታው ውስጥ ሁለት ፎቆች አሉ። ከአንዱ ጣራ ተነሥቶ፣ አየር ላይ ሁለት ጊዜ ተገልብጦ፣ በሌላው ጣራ ላይ በጎማ ማረፍ ነው። ማንም አልቻለም። ቡድኑ ከዚህ ፎቅ ሳይሻገር አረም አንሄድም ብሏል።

«ምን አገናኘው?» አልኩ ደረበን።

«አላገናኘውም። ግን ጋሼ፣ ሐሳብ ተከፍሎ አረም አይሆንም። አንድ ዓይን ቡቃያው ላይ፣ አንድ ዓይን ፎቁ ላይ ከሆነ ሰሊጡን ነው የምንነቅልብዎ።»

ክርክሩ ትክክል ነው። እኔም ብሆን እንዲህ ነበር የምከራከረው።

ከግራ ጥግ ቢነሣ ይሻላል ባይ ነኝ። አልነገርኳቸውም።

ሐምሌ 16

ዋጋ ጨመርኩ፤ እንዲቀንሱ። ጠዋት ጠዋት ከመናኸሪያው ጭነት ተሸክመው የሚከፍሉትን ይዘው ይመጣሉ። ጉልበት አላቸው ማለት ነው። ጉልበታቸውን ወደ እኔ ማሳ ሳይሆን ወደ እኔ መጋዘን አመጡት። በንግድ ቋንቋ ይህ ትርፍ ነው። በሌላ ቋንቋ ምን እንደሚባል ዛሬ አላስብም።

ሐምሌ 17

የትርንጎ ትራክተር ነጂ ጌች ተሳቢ ይዞ መጣ። ሠራተኛ ሊወስድ።

ትራክተሩን ደጅ አቁሞ «አንዴ ልየው» ብሎ ገባ። ትራክተሩ ሞተሩ ሳይጠፋ እስከ እኩለ ቀን ደጅ ሲያጓራ ቆየ። ናፍጣው የእኔ መሆኑ ትዝ ያለኝ ተራዬ ካለፈ በኋላ ነው። ማለቴ ተራው ካለፈ በኋላ።

ሲሄድ ተሳቢው ላይ ሁለት ሽማግሌዎች ብቻ ነበሩ፤ ዓይናቸው ደክሞ ቴሌቪዥኑ አይታያቸውም።

«እመቤት ምን ትለኛለች?» አለ ጌች።

«ነገ በላት።»

«ጋሽ ፈረደ እኮ አሳርመው ጨርሰዋል። ሰው ያመጡት ከቋራ ነው።»

«ታዲያ እዚህ በየቀኑ ምን ያመጣቸዋል?»

ጌች ትከሻውን ነቀነቀ። «ለሰው ያዝናሉ መሰለኝ።»

ሐምሌ 19፣ ገብርኤል

ሙሉ ቤት። ጋሽ ፈረደ ዛሬም ለሁሉም ከፈሉ።

ትርንጎ ሦስት ጊዜ ደውላ ነበር። እጄ አልተመቸኝም።

ሐምሌ 21

ሻይ ቤት ጀርባዬን ሰጥቼ ተቀምጬ ሰማሁ። ሁለት ገበሬዎች ናቸው።

«ሰው የት ጠፋ ዘንድሮ?»

«ሙሉአለም መጋዘን አስገብቶ ቆልፎበታል።»

«ሊሸጠው?»

«ዋጋው እስኪወጣ ነዋ።»

ተሳሳቁ። ሻዬን ትቼ ወጣሁ። አልቆለፍኩም። በሩ ክፍት ነው። የሚያስጨንቀውም ክፍት መሆኑ ነው።

ልዝጋው ብዬ አሰብኩ። ከዘጋሁት ለሌላ ገበሬ ይሄዳሉ፤ ይህን ሁሉ ያቆየኋቸው በከንቱ ይሆናል። ካልዘጋሁት ለማንም አይሄዱም። ሁለቱንም መዘንኩ፤ ለማንም አለመሄዳቸው ለሌላ ከመሄዳቸው ይሻላል አልኩ። ጽፌ ረጋ ብዬ ሳነበው ይህ ሚዛን የማን እንደሆነ አላውቅም።

ከሰዓት በኋላ ዕቃውን ፈተሽኩ። ከግራ ጥግ ሲነሣ በእርግጥ ይሻላል። አንድ ተኩል ይገለበጣል።

ሐምሌ 24

ትርንጎ መጣች።

እንደሆነው ልጻፈው። መጋዘኑ ጢም ብሏል፤ ታንጉ አየር ላይ ነው፤ ሰዉ ሁሉ ትንፋሹን ውጦ ያያል። በበሩ ሰው ሲገባ ማንም አልዞረም። እኔም አልዞርኩም፤ ጆይስቲኩን የያዝኩት እኔ ነበርኩ። ደረበ ከግራ ጥግ አሳየኝ ብሎኝ ነው።

ታንጉ በአንገቱ ተተከለ። «ተነሥ ታንጉ!» ብሎ መጋዘኑ ሲጮህ ከኋላዬ አንድ ድምፅ፣ ረጋ ብሎ፣ «ይሄ ነው?» አለ።

ቦት ጫማዋ እስከ ጉልበቷ የዋልካ ጭቃ ተለጥፎበት የሰው እግር አይመስልም። ፊቷ ጠቁሯል። እጇን አየሁት፤ ጣቶቿ አረንጓዴ ናቸው። ብቻዋን ስታርም ነው የሰነበተችው።

ትጮኻለች ብዬ ጠበቅኩ። መልሱን አዘጋጅቼ ነበር፤ ስለ ገበያ፣ ስለ ጊዜ፣ ስለ ዋጋ። አልጮኸችም። ቁጭ አለች፤ አንድ ዙር ሙሉ አየች።

«ይህ ሰውዬ ምን ይበላል?» አለችኝ።

«መብራት።»

«ጀነሬተር ይበቃዋል?»

«ይበቃዋል።»

«ያለዚህስ?» ጆይስቲኩን በአገጯ አሳየች።

«ያለዚህማ ቆሞ ይቀራል።»

«እስቲ አምጣው።»

ልትሞክር ነው ብዬ ሰጠኋት። ከደረበም ሌላውን ተቀበለች። ሁለቱንም ነቀለች፤ ገመዳቸውን እንደ ፈትል ክንዷ ላይ ጠቀለለች፤ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች። ታንጉ አፋፍ ላይ ቆሞ ቀረ።

ተነሣች። «ወንድሞቼ፣ ጨዋታው አልቀረም። ሽንፋ ነው። የታደለውን መስመር አርሞ የጨረሰ ይጫወታል። ቀድሞ የጨረሰ ቀድሞ ይጫወታል። ተሳቢው ደጅ ነው።»

ሰዎቹ ወደ ደረበ ዞሩ። ደረበ ጉሮሮውን ጠረገ፤ ሊከራከር ነው አልኩ። «እመቤት፣ ቴሌቪዥኑስ?»

«እሱን የሚያመጣው ሰው አለ» አለች፤ ወደ እኔ አላየችም።

ተገፋፍተው ወጡ። ሳምንታት ያከማቸሁት ሰው ሻይ እስኪፈላ በማይቆይ ጊዜ ውስጥ ተራገፈ። ዛሬ ተክለ ሃይማኖት ነው ያለ አንድም አልነበረም።

ሐምሌ 25፤ ተሳቢ ላይ

የምጽፈው እየተንገጫገጭኩ ነው። ቴሌቪዥኑን ጭኔ ላይ በአጎበር ጠቅልዬ ይዣለሁ። ለሌላ ሰው አላምንም፤ ይሰብሩታል። የምሄደው ለዚህ ብቻ ነው።

በጋሽ ፈረደ ማሳ አለፍን። ንጹሕ ነው፤ በመስመር በመስመር፣ እንደ ተሠራ ሹሩባ። አንዲት አረም የለችበትም።

ከእሱ ቀጥሎ የእኛ ነው። መጀመሪያ ማሳ መሆኑን አላወቅኩም።

ለጋስነታቸውን አሰብኩት። መንገዱ ረጅም ስለሆነ ለማሰብ ጊዜ ነበረኝ።

ሐምሌ 27፤ ሽንፋ

ወደ ወንዙ በኩል ያለው ቆላማው ክፍል ጠፍቷል። አረሙ ወገብ ይደርሳል፤ ሰሊጡ ከሥሩ ቢጫ ሆኖ እንደ ክር ቀጥኗል። ትርንጎ እዚያ ሰው እንዳይገባ አለች። «ለሞተ አንደክምም። ላይኛውን እናድን።»

ላይኛውን ገና ማዳን ይቻላል ትላለች፤ ሰው ቀን ሳያጎድል ከሠራ።

ሥርዓቱ ይህ ነው። ጠዋት ደረበ መስመር ያድላል። ቴሌቪዥኑ ካምፑ ውስጥ ሸራ ሥር ተቀምጧል፤ ሁሉም እያየው ያልፋል። ጆይስቲኮቹ የትርንጎ ሽርጥ ኪስ ውስጥ ናቸው፤ እሷ ደግሞ ከሰዉ ኋላ ኋላ እየሄደች የቀረ አረም ትለቅማለች። አንድ ሥር ካገኘች ባለመስመሩ ተራው ወደ ኋላ ይወርዳል። ክርክር የለም። ደረበ እንኳ አይከራከርም።

እኔ ምን እንደምሠራ ጠየቅኳት።

«ቴሌቪዥኑን አመጣህ አይደል?» አለች። «እንግዲህ ከፈለግህ ሂድ። ካልፈለግህ መስመር አለ።»

የዕቃውን ደኅንነት ትቼ መሄድ አልችልም። መስመር ወሰድኩ።

ነሐሴ 3

ወገቤ። የሚጻፍ የለም።

ነሐሴ 6

ፍልሰታ ስለሆነ ሽሮ ብቻ ነው። ዝናቡ ሲያባራ ሙቀቱ ከመሬት ይወጣል።

እስካሁን ተራ አልደረሰኝም። ከሁሉ በኋላ የምጨርሰው እኔ ነኝ። ደረበ በኔ መስመር ሲያልፍ «ተነሥ ታንጉ!» ይለኛል። ሰዉ ይስቃል። እኔም እስቃለሁ፤ ባልስቅ ምን አደርጋለሁ፣ ተጎንብሼ ነው ያለሁት።

ሚካኤልም ማርያምም በየወሩ መጥተው ይሄዳሉ። በበዓል ጆይስቲክ ከኪስ እንደማይወጣ ትርንጎ ስለተናገረች፣ ደረበ ጥቃቅኖቹን ቅዱሳን ይቅርታ ጠይቆ አልፏቸዋል።

ነሐሴ 13፣ ቡሄ

ዛሬ ሥራ የለም፤ ትርንጎም ደንቧን ለአንድ ቀን አላላች። ልጅ የሌለበት ካምፕ ነው፤ ጢማም ሳሉጎች ዱላቸውን መሬት ላይ እየመቱ ሆያ ሆዬ ጨፈሩላት። ማጠናቀቂያው ላይ ታንጉን ከተቱበት፤ ዘሎ እንዲያርፍ መረቁት።

ተራ ደረሰኝ። ከግራ ጥግ ተነሣሁ። ሁለት ጊዜ ተገለበጠ። ሁለት ጊዜ! ጣራውን በኋለኛው ጎማው ነካ፤ ተንገዳገደ፤ ወደቀ። ሰዉ ጮኸ። ትርንጎ ከበስተኋላ ቆማ ታይ ነበር።

«ደርሰህ ነበር» አለችኝ።

በእነዚህ ዓመታት ውስጥ ስለ የትኛውም ሥራዬ እንዲህ ብላኝ አታውቅም። የጆይስቲኩ ቁልፍ ደርቃለች አልኳት።

ጳጉሜን 2

ሁለተኛው አረም አለቀ። ላይኛው ማሳ አበባ ነው፤ ነጭ ብሎ ንብ ይተራመስበታል። ቆላማው እንደ ሞተ ቀርቷል። ግማሽ አይባልም፤ ከግማሽ ይበልጣል የዳነው። ትርንጎ ጨርሳ እንዳትደሰት በጨረፍታ አየችውና ወደ ሥራዋ ሄደች።

ጋሽ ፈረደ መጡ። ማሳውን ዳር ዳር እያሉ አዩት። ያዩትን አልጠበቁም። ከዚያ ሰዎቹን አዩ፤ መስመራቸውን ጨርሰው ወደ ካምፑ ሲሮጡ፣ ሲገፋፉ፣ ሲስቁ።

«እንዲህ የሚሮጥ ሳሉግ በዕድሜዬ አላየሁም» አሉ። «ያ የብስክሌት ነገር ነው?»

«እሱ ነው፣ ጋሽ ፈረደ።»

«ገንዳ ውሃ ሳየውኮ ሰው የሚያስቀምጥ ነበር የመሰለኝ።»

«እርስዎ እንዳዩት ነው» አልኳቸው።

ዱላቸውን መሬት ላይ አሽከረከሩ። አጨዳ እየደረሰ ነው። የቋራ ሰዎቻቸው ወደ አገራቸው ሄደዋል። አጨዳ ከአረም የባሰ ቀን አይሰጥም፤ ፍሬው ሲደርስ ካልታጨደ ራሱ ተከፍቶ መሬት ላይ ይረግፋል።

«ትሸጥልኛለህ?»

ነጋዴ ነኝ፤ እንዲህ ያለ ጥያቄ ስሰማ ዝም ማለት አውቃለሁ። ትርንጎ ግን ሰምታ ኖሮ ከካምፑ ወጣች።

መስከረም 4፣ 2018

ዋጋውን የቆረጠችው ትርንጎ ናት። ብር አልጠየቀችም። «የማሳዬን ነገር ከእንግዲህ በኔም በባሌም ላይ አያነሡ። ዘንድሮም፣ ከርሞም። ይህንም እነ ደረበ እየሰሙ ይበሉልኝ።»

ጋሽ ፈረደ ሳቁ። «ለአሮጌ ቴሌቪዥን?»

«ለአሮጌ ቴሌቪዥን።»

በሰው ፊት አሉ። በሽማግሌ አፍ የተባለ ነገር እዚህ አገር ከማኅተም ይበልጣል። ዕቃውን በጌች ትራክተር ወሰዱት። ደረበና ሰዎቹም እኛ ጋ አጨዳው እንዳለቀ ወደ እሳቸው ሊሄዱ ተስማሙ፤ በዚህ አላስቸገረም፣ ዋጋ እንኳ አልተከራከረም።

ሲጭኑት ለጋሽ ፈረደ አንድ ነገር ልነግራቸው አስቤ ነበር፤ ስለ ጆይስቲኮቹ፣ በማን ኪስ መሆን እንዳለባቸው። ረሳሁት። ሷሊህም ነግሮኝ ነበር፣ እኔ ነኝ ያልሰማሁት፤ እንግዲህ መንገር ብዙም ጥቅም የለውም።

ካምፑ ጭር ብሏል። ሸራው ሥር ቴሌቪዥኑ የነበረበት ቦታ ሣሩ ተኝቶ ነጭ ሆኗል።

መስከረም 17

መስቀል። አጨዳው አለቀ። ነዶው ተሰብስቦ፣ በየሂላው፣ በየክምሩ፣ ቀጥ ብሎ ቆሞ ፀሐይ ይሞቃል። ላይኛው ማሳ ከዳር እስከ ዳር ሂላ ነው። ትርንጎ ደመራው ሲቃጠል አብራኝ ቆማ ነበር፤ እያየች ያለችው ግን ሂላዎቹን ነው። ማሳው የእሷ ሆኖ ይቀራል።

ደረበና ሰዎቹ ነገ ወደ ጋሽ ፈረደ ይሄዳሉ። አንዳንዶቹ ዛሬ ማታ ሄደዋል።

መስከረም 22

ጠዋት ትርንጎ ከአጥሩ ማዶ እያየች ቆማ አገኘኋት። የጋሽ ፈረደ ሰሊጥ እንደቆመ ነው። ቅጠሉ ረግፏል፤ ከታች ያሉት ፍሬዎች አፋቸውን መክፈት ጀምረዋል። ማጭድ የያዘ ሰው አይታይም። ከካምፓቸው በኩል ግን «ተነሥ ታንጉ!» የሚል ጩኸት ይመጣል።

«ጆይስቲኩን ማን እንደሚይዝ ነግረሃቸዋል?» አለችኝ።

«ረስቼ።»

ዞራ አየችኝ። «አንተ ትረሳለህ?»

ወደ ጋሽ ፈረደ ማሳ ዞርኩ።

«ሙሉአለም፣ የማንም ይሁን የማን፣ የደረሰ ሰሊጥ መሬት ላይ አይረግፍም። እኔ እዚህ ቆሜ አላይም። ሂድና ገመዱን ንቀልላቸው። ጆይስቲኮቹን ኪሳቸው ይክተቱ፤ ማታ ማታ ያውጡ። እንዲህ በላቸው።»

«ነገ እሄዳለሁ።»

«ይህን ነገ ስትል ከርመሃል።»

መስከረም 23፤ ጋሽ ፈረደ ካምፕ

ገመዱን ልነቅል መጣሁ። የምጽፈው አግዳሚው ላይ ተቀምጬ ነው፤ ጋሽ ፈረደ እስኪጨርሱ።

ጆይስቲኩን የያዙት ራሳቸው ናቸው። ዱላቸው መሬት ወድቋል። ከጎናቸው ደረበ፣ ከኋላቸው ሰዉ በሙሉ፤ ማጭዶቹ በር ላይ ተደርድረዋል፣ ስለታቸው ገና እንደተሳለ ነው።

«ጋሽ ፈረደ፣ ሰሊጥዎ እየረገፈ ነው» አልኳቸው ስገባ።

ዓይናቸውን አላነሡም። «አውቃለሁ፣ አውቃለሁ። ይቺን ፎቅ ልሻገርና።»

የትርንጎን መልእክት ነገርኳቸው፤ ስለ ኪሱ፣ ስለ ማታው። «ልክ ናት» አሉ። «አስተዋይ ሴት ናት። ይቺን ልሻገርና።»

ታንጉ ተነሣ፤ ዘለለ፤ አንድ ጊዜ ተገልብጦ በአንገቱ ወረደ። ሰዉ ጮኸ። ጋሽ ፈረደ ቁልፏን ተጫኑ፤ ብድግ አለ።

ገመዱ እግሬ ሥር ነው። ጎንበስ ብል እደርስበታለሁ። ከቀኝ ጥግ ነው የሚያስነሡት፤ በዚያ በኩል በፍጹም አይሆንም፤ ዕድሜያቸውን ቢጨርሱ አይሻገሩም። ይህን እያየሁ ዝም ማለት አልቻልኩም።

«ከግራ ይነሡ» አልኳቸው። «ሊዘሉ ሲሉ ይቺን ቀድመው ይልቀቁ።»

«የትኛዋን?»

«ይቺን።»

«እስቲ አሳየኝ» ብለው ጆይስቲኩን ዘረጉልኝ።

ደብተሩን ላስቀምጥ። አሳይቻቸው እነቅለዋለሁ።